ካላቬራይትን መለየት ስማር፦ ስድስተኛ ወር

ሰላም ወዳጆች። የዚህ ወር ማስታወሻዬ ስለ አንድ ማዕድን ብቻ ነው፤ ስለ ካላቬራይት። የምኖረው ኮሎራዶ፣ ኦሮራ ስለሆነ በዚህ ማዕድን ስሙ የታወቀው ክሪፕል ክሪክ ብዙም አይርቀኝም። ከዚያ አካባቢ የወጣች፣ ከኳርትዝ ጋር የተጣበቀች ትንሽ ናሙና ገዝቻለሁ።

እኔ ወርቅ ሲባል የማውቀው አዶላ ላይ በገበቴ ከአሸዋ የሚታጠበውን ቢጫ ፍሬ ነበር። ካላቬራይት ግን ወርቅ ቴሉሪየም ከሚባል ንጥረ ነገር ጋር ተዋህዶ የሚሠራው ነው። ከክብደቱ 44 በመቶ ያህሉ ወርቅ ቢሆንም መልኩ የደበዘዘ ናስ፣ አንዳንዴም ብር ይመስላል። ስሙን ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1861 ከተገኘበት ከካሊፎርኒያው ካላቬራስ አውራጃ ነው።

መጀመሪያ በቀለም ልለየው ሞከርኩ፤ ወርቅ ከሚመስለው የብረትና የድኝ ማዕድን፣ ከፓይራይት ጋር ተምታታብኝ። በአውስትራሊያ ካልጉርሊም ቆፋሪዎቹ ቴሉራይዱን (ቴሉሪየም ያለበትን የወርቅ ማዕድን) እንደ ተራ ድንጋይ እየጣሉ መንገድ ሞሉበት፤ ምንነቱ ሲታወቅ በ1896 ያንኑ መንገድ መልሰው ቆፈሩት። ይህን ሳነብ ቀለምን ማመን ተውኩ።

የረዳኝ መርፌ ነው። በናሙናዋ ጀርባ፣ በማይታይ በኩል፣ አንዲት ቅንጣት በቀስታ ጫን አልኳት፤ ተፈረፈረች። ንጹሕ ወርቅ ቢሆን ይጠፈጠፍ ነበር እንጂ አይፈረፈርም። ፓይራይት ቢሆን ደግሞ ጥንካሬው ከ1 እስከ 10 በሚሄደው የሞስ መለኪያ ከ6 በላይ ስለሆነ በቀላሉ አይበገርም፤ እንዲያውም መስታወት ይጭራል። የካላቬራይት ከ2.5 እስከ 3 ነው። በማጉያ መነጽር ሳየው ክሪስታሉ ላይ ርዝመቱን ተከትለው የወረዱ ቀጫጭን መስመሮች አሉ። በፓይራይት ኪዩብ ላይ ግን የአንዱ ገጽ መስመር ከጎረቤቱ ገጽ መስመር ጋር ቀጥ ባለ ማዕዘን ነው የሚገናኘው። ይህን ልዩነት አንዴ ካያችሁት አትረሱትም!

ክብደቱም ይለያል፤ እፍጋቱ በኩብ ሴንቲ ሜትር 9 ግራም አልፎ ሲሄድ የፓይራይት 5 ነው። የእኔዋ ኳርትዝ ስላለባት ግን ውኃ ውስጥ ነክሮ መለካቱ ትርጉም አልሰጠኝም።

ሲጠበስ ቴሉሪየሙ በጭስ ይወጣና የወርቅ ጠብታዎች ፊቱ ላይ ፈንድተው ይታያሉ። የክሪፕል ክሪክ ማዕድንም ወርቁን አሟሙቶ ወደሚያወጣው ሲያናይድ ከመግባቱ በፊት ይጠበስ የነበረው ለዚሁ ነው። እባካችሁ ቤት ውስጥ አትሞክሩት፤ ጭሱ መርዝ ነው። ቴሉሪየም የገባበት ሰው እስትንፋሱ ራሱ ነጭ ሽንኩርት ይሸታል።

ከሁሉ የገረመኝ እዚያው ክሪፕል ክሪክ የሚገኘው የክሬሰን ማዕድን ማውጫ ታሪክ ነው። በ1914 ከመሬት በታች ግድግዳው በሙሉ በቴሉራይድ ክሪስታል የተለበጠ ዋሻ ተገኘ። በአንድ ወር ገደማ 1.2 ሚሊዮን ዶላር የሚያወጣ ወርቅ ወጣበት፤ በሩም በብረት ተዘግቶ ይጠበቅ ነበር። ቦታው የጥንት እሳተ ገሞራ ጉሮሮ ነው፤ ትኩሱ ፈሳሽ በስንጥቁ ሲወጣ ወርቁንና ቴሉሪየሙን አብሮ አምጥቷል።

ቀጥሎ የምማረው ሲልቫናይትን ነው፤ ወርቅም ብርም ያለበት ቴሉራይድ። እሱ በአንድ አቅጣጫ ዝርግ ሆኖ ይሰነጠቃል፤ ካላቬራይት ግን እንዲህ ያለ ጠባይ የለውም። የሲልቫናይት ናሙና ያላችሁ ካላችሁ የተሰነጠቀውን ገጽ በቅርበት ፎቶ አንሥታችሁ ብታሳዩኝ ከእኔዋ ጋር አስተያየዋለሁ።