ኢንፍላመብል

ፍኖተ ሰላም ውስጥ በአንድ የእንጨትና የብረት ሥራ ወርክሾፕ ሂሳብ ያዥ ነበርኩ። አንድ ቀን ከባሕር ዳር ቲነር (ቀለም ማቅጠኛ) ተጭኖ መጣ። የሚያወርደው ልጅ ገና ከኮሌጅ የወጣ ጎበዝ ነው። ጣሳው ላይ «ኢንፍላመብል» የሚለውን አነበበና ብየዳው አጠገብ ይደረድር ጀመር።

ፎርማኑ ከሩቅ ጮኸ። «አንተ ልጅ፣ ምን እያረግህ ነው?» ብየዳው ወዲያው ቆመ።

«ጋሼ፣ ይሄ እሳት አይነካውም እኮ። ኢንቪዚብል የማይታይ ነው። ኢንኮምፕሊት ያልተሟላ ነው። ኢንፍላመብልም የማይቀጣጠል ነው።»

ፎርማኑ እንግሊዝኛ አያነብም፤ ቲነርን ግን አሳምሮ ያውቀዋል። ጣሳዎቹን ወደ ግቢ አስወጣና የአንዱን ክዳን ከፈት አደረገ። «እስኪ አሽትት። የሚነደው ይሄ ትነቱ ነው። ከአየር ስለሚከብድ ወለል ለወለል ይሄዳል። የብየዳ ፍንጣሪ ካገኘ አለቀልን።»

አንዳንዶቹ በልጁ ሳቁ። እኔ ግን አዘንኩለት፤ የተማረውን ነው የተናገረው። አስቸጋሪው ቃሉ ነው። ኢንፍላመብልም ፍላመብልም ትርጉማቸው አንድ ነው፦ ተቀጣጣይ። እዚህ ላይ ያለው «ኢን» የቃሉን ትርጉም አያፈርስም። ቃሉ የመጣው ማቀጣጠል ከሚለው «ኢንፍላማሬ» ከተባለ የላቲን ግስ ነው። የማይቀጣጠለው ኖንፍላመብል ይባላል። እንግሊዝኛ አፍ የፈቱትም ይሳሳቱበታል። አሜሪካ ውስጥ የእሳት መከላከያ ማኅበሩ «ፍላመብል በሉ» ብሎ መወትወት የጀመረው በ1920ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ነው፤ ሰው በዚህ ቃል እንዳይቃጠል ብሎ። ኢንቫሉዌብልም ያሳስታል። ዋጋ ቢስ ይመስላል እንጂ ዋጋ የማይተመንለት ማለት ነው።

ደግሞ ጣሳው ላይ ከቃሉ ጎን ቀይ ጠርዝ ባለው ሳጥን ውስጥ ነበልባል ተስሏል። ይህን ምልክት ለማወቅ እንግሊዝኛ አያስፈልግም። አዲስ ሠራተኛ ሲገባ ሥዕሎቹን አስቀድሞ የሚያሳየው ሰው ቢኖር ኖሮ ያን ቀን ማንም ባልደነገጠ ነበር። ይህ የአሠሪ ግዴታ ነው ብዬ አምናለሁ፤ ለኃላፊያችንም ይህንኑ ነገርኩት።

ልጁ ከሰዓት በኋላ ቀይ ቀለምና ብሩሽ ይዞ መጣ። በየጣሳው ላይ በትልልቁ «እሳት ይይዛል» ብሎ ጻፈ። ቲነሩም አጥሩ ጥግ ወዳለው መጋዘን ሄደ። አሁን ዕቃ ሲገባ ፎርማኑ ራሱ «ምን ይላል?» እያለ ይጠይቀዋል። እሱም ስልኩን አውጥቶ መዝገበ ቃላት ሳያይ አይመልስለትም።