የስኩተር ፔግ ልትገጥሙ ነው? መጀመሪያ ብሎኑን እዩ

ይህን የምጽፈው ተናድጄ ነው። በራሴ ተናድጄ፣ ቀጥሎም «ብሎን ያው ብሎን ነው» ብሎ በሸጠልኝ ሰውዬ። ከአምስት ወር በፊት አንድ ሰው ቁጭ አድርጎ ቢነግረኝ ኖሮ የወንድሜ እጅ ጀሶ ውስጥ ባልገባ ነበር።

አክስቴ ከውጭ ስትመጣ ለታናሽ ወንድሜ ስኩተር አመጣችለት። ሞተር ያለው እንዳይመስላችሁ። በእግር እየተገፋ የሚሄድ፣ የማይታጠፍ፣ ለመዝለልና ለመገለባበጥ የተሠራ ጠንካራ ዓይነት ነው። ልጁ 15 ዓመቱ ነው። ሦስት ሳምንት ሳይሞላው ስልኩን ይዞ መጣና «እየው፣ የቀረኝ ይሄ ብቻ ነው» አለኝ። ቪዲዮው ላይ ልጆች ከጎማው ጎን የወጣች አጭር ቧንቧ መሳይ ነገር ብረት ጠርዝ ላይ አሳርፈው ጭርርር እያሉ ይንሸራተታሉ። ስሟ ፔግ ነው።

የምንኖረው ጎንደር ነው። ፒያሳን ዞርኩ፣ ቅዳሜ ገበያን ዞርኩ፣ የለም። ፎቶውን ሳሳያቸው አንዱ የበር እጀታ አወጣልኝ። አዲስ አበባ ከ2008 ዓ.ም. ጀምሮ የስኬት ፓርክ አላት፤ እዚያ ብሆን ጠይቄው የሚመልስልኝ ልጅ አላጣም ነበር። ጎንደር ላይ ግን ጠያቂም መላሽም እኔው ሆንኩ። አንድ ጓደኛዬ የሳይክል ፔግ ሊሰጠኝ ነበር። የሳይክሉ ቀዳዳ ለ14 ወይም ለ10 ሚሊ ሜትር አክስል (ጎማው የሚዞርበት ዘንግ) ነው፣ የእኛ ስኩተር የጎማ ብሎን 8 ሚሊ ሜትር ነው። ክብደቱም ሌላ ነው። እናንተም ቢሰጧችሁ አመስግናችሁ መልሱ።

ስለዚህ ቶርኖ ቤት ሄድኩ። ባለቤቱ ጋሼ ከድፍን አሉሚኒየም ሁለት ፔግ አወጡልኝ። ውፍረታቸው 38፣ ርዝመታቸው 60 ሚሊ ሜትር። ከስኩተሩ ጋር የሚነካካው ጫፍ 12 ሚሊ ሜትር ድፍን ሆኖ መሐሉ ላይ 8 ሚሊ ሜትር ቀዳዳ አለው። ከዚያ ወደ ውጭ ያለው ክፍት ነው፤ ዳዶው እዚያ ውስጥ ይታሰራል። የመጀመሪያውን ጠበብ አድርገው ሠርተውት የ13 ቁጥር ክብ ቁልፉ አልገባ አለ። ቁልፋችሁን ይዛችሁ ሂዱ። ሁለቱንም በአንድ ጎን፣ በቀኝ በኩል ብቻ እንድንገጥም ወሰንን፤ ልጁ የሚንሸራተተው በዚያ ነው። ግራና ቀኝ አራት በአንዴ መግጠም ክብደት መጨመር ብቻ ነው የሚመስለኝ።

እስከዚህ ድረስ ኮርቼ ነበር። ፔጎቹን ጠረጴዛ ላይ አቁሜ ፎቶ ሁሉ አንስቻቸዋለሁ።

ጉዱ የመጣው ከብሎኑ ነው። ስኩተሩ ይዞት የመጣው የጎማ ብሎን አጭር ነበር። ፔጉ 12 ሚሊ ሜትር ሲጨምርበት ዳዶው የሚይዘው ጥርስ አጣ። ረጅም ያስፈልጋል። ከዕቃው ጋር የመጣው ወረቀት «ከፋብሪካው አክስል ሌላ አትጠቀሙ» ይላል። አንብቤ ሳቅኩ። ፋብሪካው የት ነው፣ እኔ የት ነኝ?

ባለ ሱቁ ዘንድ ሄጄ 8 ቁጥር፣ ርዝመቱ 75 ወይም 80 የሚሆን ብሎን ስጠኝ አልኩት። ከ60 በላይ የለኝም አለ። ከዚያ ከጥግ አንድ ሜትር ዘንግ መዘዘ፤ ከዳር እስከ ዳር ጥርስ የወጣለት። «ይኸውልህ፣ የፈለግከውን ያህል ቆርጠህ በሁለቱም ጫፍ ዳዶ እሰርበት።» ይችላል ወይ አልኩት። «ወንድሜ፣ ብሎን ያው ብሎን ነው፤ እኔ ጣሪያ የማሥርበትን አንተ ለልጅ መጫወቻ ትፈራለህ?» አፍሬ ገዛሁ። እስካሁን የሚያናድደኝ ያ ማፈሬ ነው። ጣሪያ እኮ ከደረጃ ላይ አይዘልም! ይህን ለመመለስ ሦስት ሰከንድ ይበቃ ነበር፤ ለእኔ የመጣልኝ ግን ቤት ከገባሁ በኋላ ነው።

በመጋዝ ሁለት 80፣ 80 ሚሊ ሜትር ቆረጥኩ፣ ገጠምኩ፣ አሰርኩ።

አሁን ዘንጉ ምን እንዳለኝ ልንገራችሁ፤ ነግሮኝ ነበርና። መጀመሪያ ቀን ጎማው ቀጭ ቀጭ ማለት ጀመረ። የኩሽኔታው ቀዳዳ 8 ሚሊ ሜትር ነው፣ የተሠራውም ለስላሳ በሆነ፣ ጥርስ በሌለው 8 ሚሊ ሜትር ብረት ላይ እንዲያርፍ ነው። የጥርስ ጫፍ ግን ሁልጊዜ ከ8 ትንሽ ያንሳል፣ የሚነካውም በስለት ነው። ስለዚህ ይንቀጫቀጫል። እኔ ምን አደረግኩ? ዳዶውን ጨምሬ አጠበቅኩት። በሁለተኛው ቀን ፔጉ ወደ ላይ ቀና ያለ መሰለኝ። ዓይኔ ነው አልኩ። በሦስተኛው ቀን ልጁ ራሱ «የፊቱ ይጎትተኛል» አለኝ፤ «አስፋልቱ ነው» አልኩት። ሰፈራችን ኮብልስቶን መሆኑን እያወቅኩ!

በአራተኛው ቀን የሲሚንቶ ደረጃ ጠርዝ ላይ ሲወጣ የፊቱ ዘንግ ተበጠሰ። ድምፁ ትንሽ ነበር፣ ጠጠር ቆርቆሮ ላይ የወደቀ ያህል። ፔጉ ወደ አንድ ጎን፣ ጎማው ወደ ሌላ፣ ልጁ በእጁ ላይ።

እማዬ ወጌሻ ጋ ካልሄድን ብላ አለቀሰች። ሠፈሩም ከእሷ ጋር ቆመ። እኔ መጀመሪያ ራጅ ብዬ ድርቅ አልኩ፤ በዚህ ነገር ጸጸት የለኝም። የእጅ አንጓው ተሰንጥቆ ነበር። ስድስት ሳምንት ጀሶ። በዚያ ሁሉ ጊዜ እማዬ ስኩተሩን በስሙ አልጠራችውም፣ «ያ ብረት» ነበር የምትለው። አርባ አራቱ ታቦት ናቸው ያተረፉት አለች። ልክ ሳትሆን አትቀርም፤ ጭንቅላቱ ላይ መከላከያ ቆብ (ሄልሜት) አልነበረም። ይህንንም እዚሁ ልናዘዝ።

የተበጠሰውን ይዤ ቶርኖ ቤት ተመለስኩ። ጋሼ መነጽራቸውን አድርገው አዩት። የተቆረጠበት ፊት ግማሹ ደብዝዟል፣ ግማሹ እንደ ስኳር ያብለጨልጫል። «ይሄ ዛሬ አልተሰበረም» አሉኝ። «ሲሰበር ነው የሰነበተው። ዛሬ ጨረሰ።» ስንጥቁ ከአንዱ ጥርስ ሥር ተነሥቶ በየቀኑ ትንሽ ትንሽ ሲሄድ ቆይቷል። የተበጠሰውም ሹካው (ጎማውን ግራና ቀኝ አቅፎ የሚይዘው) አልቆ ፔጉ የሚጀምርበት ቦታ ላይ ነው፤ ጉልበቱ ሁሉ የሚያርፈው እዚያ ነው።

ከዚያ መሳቢያቸውን ከፍተው ሁለት ብሎን አሳዩኝ። አንዱ ራሱ ላይ 8.8 ይላል፣ ሌላው 10.9። ዕድሜዬን ሙሉ ያንን ቁጥር እያየሁ መጠኑ ይመስለኝ ነበር። ጥንካሬው ነው። 8.8 ከሆነ በእያንዳንዱ ካሬ ሚሊ ሜትር 800 ኒውተን ሳይበጠስ ይሸከማል፣ ነጥቧን ተከትላ የምትመጣው 8 ደግሞ የዚያን 80 በመቶ እስኪደርስ ጎብጦ አይቀርም ማለት ነው። 10.9 ደግሞ 1000 እና 90 በመቶ። ተራው ብረት 4.6 ወይም 4.8 ነው፣ የ8.8 ግማሽ ማለት ነው። ምንም ያልተጻፈበትን ከደካማው መድቡት። የእኔ ዘንግ ምንም አልተጻፈበትም።

ሌላም አለ። 8 ቁጥር ብሎን ለስላሳው አካሉ ወደ 50 ካሬ ሚሊ ሜትር ስፋት አለው። ጥርስ የወጣበት ጋ ግን ጉልበት የሚሸከመው 36.6 ብቻ ነው። እኔ ደካማ ብረት ወስጄ፣ እሱኑ በጥርስ አቅጥኜ፣ በጣም በሚጫነው ቦታ ላይ አቆምኩት። ሆን ብዬ ልጁን ልጥል ብነሣ ከዚህ የተሻለ ዘዴ አላገኝም።

ያኔ አንድ የሰፈር ብየዳ ሠራተኛ «በይደው፣ ይገላግልሃል» ብሎኝ ነበር። ፔጉን ከሹካው ጋር! እንዳትሰሙት። ሙቀት ያየ አሉሚኒየም ጥንካሬው ይወርዳል፣ ጎማ መቀየርም ቀረ።

አሁን በትክክል የገጠምኩትን ልንገራችሁ። በካሊብሮ ለካሁ። የሹካው የውጭ ስፋት 46፣ ከብሎኑ ራስ ሥር ያለው ሮንዴላ 2፣ ፔጉ 12፣ ዳዶው 8። ድምሩ 68 ነው፤ ከዳዶው ወጣ የሚል ሁለት ጥርስ ሲጨመር 70 አለፈ። ስለዚህ 75 ገዛሁ፣ 8.8፣ አዘዞ ከመኪና መለዋወጫ ሱቅ። 75 የሆነ ብሎን ጫፉ ላይ ያለው ጥርስ 22 ሚሊ ሜትር ብቻ ነው፣ የቀረው 53 ለስላሳ ነው። ሹካው ከሮንዴላው ጋር 48 ላይ ያልቃል። ለስላሳው አካል ሹካውን አልፎ ፔጉ ውስጥ 5 ሚሊ ሜትር ይገባል ማለት ነው። የሚጫነው ቦታ ላይ ጥርስ የለም። ከዚህ ጽሑፍ አንድ ነገር ብቻ የምትይዙ ከሆነ ይህን ያዙ። የኋላውንም እንዲሁ ለክታችሁ ግዙ፤ የኋላው ስፋት ከፊቱ ይለያል፣ እኔ አንድ ናቸው ብዬ ሁለት ጊዜ አዘዞ ተመላልሻለሁ።

በሁለቱ ኩሽኔታዎች መካከል የምትቀመጥ ትንሽ ቱቦ አለች። ስትፈቱ ወድቃ ትጠፋለች፣ የእኔም ጠፍታ ነበር። እሷ ከሌለች ወይም ካጠረች፣ ዳዶውን ስታጠብቁ ኩሽኔታው ተጨፍልቆ ጎማው ይቆማል። ብዙ ሰው ያኔ ዳዶውን ያላላል። አታላሉ። ጎማው የሚቆመው ቱቦዋ ስላልተስተካከለች ነው፤ እሷን አስተካክሉና በደንብ እሰሩ። ጋሼ አዲስ ቱቦ በአሥር ደቂቃ አወጡልኝ፣ ሒሳብም አልተቀበሉኝም።

ዳዶው ውስጡ ናይለን ያለው ይሁን፣ በፈታችሁ ቁጥር ደግሞ ለውጡት። ወረቀቱ የብሎን ማጣበቂያ ጨምሩ ይላል፤ ናይለኑ ካለ እኔ አልጨምርም፣ በየሳምንቱ ፈትቼ ማየት ስለምፈልግ። ወረቀቱን ግን ይቅርታ ልጠይቀው ይገባል። የእነሱ አክስል ካልሆነ ማለቱ አሁንም አይዋጥልኝም፣ እንደ እነሱ የጠነከረ ይሁን ማለቱ ግን እውነት ነበር።

የት ይንሸራተት የሚለው ሌላ ጣጣ ነው። ጎንደር ላይ ጥሩ የድንጋይ ጠርዝ ስታዩ ወይ የቤተ ክርስቲያን ነው ወይ የቅርስ። ፋሲል ግቢ እ.ኤ.አ. ከ1979 ጀምሮ በዓለም ቅርስነት የተመዘገበ ነው፤ ወደዚያ አጥር ፔግ ይዞ የተጠጋ ልጅ ቢቀጣ አላዝንለትም። ግን ተራ የእግረኛ መንገድ ላይ አንድ ደንብ አስከባሪ ስኩተሩን ሁለት ሰዓት ይዞብን ዋለ። የትኛው ደንብ ነው ስለው «አንተ ታላቁ ሆነህ አታፍርም?» አለኝ። መልስ ነው እንግዲህ። አሁን የምንጫወተው የጓደኛው ቤት ግቢ ባለ የሲሚንቶ ጠርዝ ላይ ነው። ጠርዙ እንዲያንሸራትት ሰም ይቀባል። ልጁ የእማዬን ጧፍ ሲወስድ ተይዞ የደረሰበትን አልነግራችሁም። ሻማ ግዙ።

ጀሶው ከተፈታ ሁለት ወር ሊሞላ ነው። ብሎኖቹን በየእሑዱ አወጣለሁ፣ መስታወት ላይ አንከባልላለሁ፤ ከጎበጠ ይንገጫገጫል። እስካሁን ቀጥ ብለዋል። ልጁ ቆቡን ያደርጋል፣ እኔ ሳየው ማለቴ ነው። አሁን ደግሞ የግራውንም ግጠምልኝ እያለ ነው።

ከዘንጉ 80 ሴንቲ ሜትር ገደማ ተርፎ በር ጥግ ቆሞ ነበር። እማዬ ባለፈው ሳምንት የማድ ቤቱን መጋረጃ ሰቀለችበት።