የእርምጃው ምት

በአንድ የድምፅ ዝግጅት ክፍል ውስጥ አቀናባሪ ሆኜ በምሠራበት ጊዜ፣ በ19ኛው ክፍለ ዘመን በአውሮፓ ገጠር ባልና ሚስት በፈረስ እየተንሸራሸሩ ሲጨዋወቱ የሚተርክ ዝግጅት ደረሰኝ። የማስረከቢያው ቀን ስለተቃረበ ከማኅደር የጋላቢ ፈረስ ኮቴ አወጣሁና ፍጥነቱን በግማሽ ቀንሼ ከተራኪው ድምፅ ሥር አስገባሁት።

በልጅነታቸው ከፈረስ ጋር ያደጉት አንጋፋው ባልደረባችን ዓይናቸውን ጨፍነው ካዳመጡ በኋላ፣ «ልጄ፣ ይህ ፈረስ አሁንም እየጋለበ ነው፤ አዘገየኸው እንጂ አላራመድከውም» አሉኝ።

ከዚያም በጣቶቻቸው ጠረጴዛውን እየመቱ አሳዩኝ። ፈረስ ሲራመድ የኋላ ግራ፣ የፊት ግራ፣ የኋላ ቀኝ፣ የፊት ቀኝ እግሩን በየተራ ስለሚያሳርፍ አራት እኩል ምት ይሰማል፤ በሶምሶማ ጊዜ እግሮቹን በሰያፍ ጥንድ ጥንድ አድርጎ ስለሚያነሣ ምቱ ሁለት ይሆናል፤ በለዘብተኛ ግልቢያ ደግሞ ሦስት ምት ተሰምቶ አራቱም እግሮቹ ከመሬት የሚነሡበት አጭር ጸጥታ ይከተላል። ያ ጸጥታ ድምፁን በማዘግየት አይጠፋም፤ እንዲያውም ይረዝማል። ትረካው የሚያወራው በሰዓት ከ6 እስከ 7 ኪሎ ሜትር ስለሚሄድ፣ ጨዋታ ስለማያቋርጥ ጉዞ ነበርና ስህተቱ የዝግጅቱን መንፈስ የሚያፈርስ መሆኑ ያን ጊዜ ገባኝ። በመካከለኛው ዘመን ረጅም መንገድ የሚሄዱ አውሮፓውያን፣ ሶምሶማ ወገብ ስለሚያናጋ፣ ሰጋር ፈረስ ይመርጡ እንደነበር የነገሩኝም ያን ዕለት ነው።

ሥራውን እንደ አዲስ ጀመርኩ። ሣጥን ውስጥ እርጥብ አፈርና ደረቅ ሣር አድርጌ፣ ለሁለት በተከፈለ የኮኮናት ቅርፊት አራቱን ምት በእጄ መታሁ፤ አሮጌ የቆዳ ቀበቶ እያጠማዘዝኩም ኮርቻው ሲጥ ሲጥ ሲል የሚሰማውን ድምፅ አወጣሁ። ሴትየዋ በጊዜው ልማድ ሁለቱንም እግሮቿን በግራ በኩል አድርጋ የምትቀመጥበት ኮርቻ አንድ እርካብ ብቻ ስላለው፣ በስተቀኝ ያስገባሁትን የእርካብ ድምፅ አጠፋሁ።

እሳቸውም ደግመው አዳመጡ። የሁለቱ ፈረሶች ኮቴ እኩል ሲያርፍ ግን እጃቸውን አነሡ፦ «የአንዱ እርምጃ ረጅም፣ የሌላው አጭር ነው፤ አታመሳስላቸው።» የሴትየዋን ፈረስ ኮቴ ጥቂት አፍጥኜ ለብቻው እንደገና መታሁት። ምቶቹ እየተገናኙና እየተለያዩ ሲሄዱ፣ የባልና ሚስቱ ጨዋታ በመካከላቸው ጥርት ብሎ ተሰማ።