ስለ ኦቲዝም የቱን እናንብብ? ለሰሜን ሸዋ ወላጆችና ጤና ሠራተኞች

ኦቲዝም ከልጅነት የሚጀምር፣ የማኅበራዊ ግንኙነት ችግርና ተደጋጋሚ ባሕርይ የሚታይበት የአእምሮ እድገት ሁኔታ ነው። ስለ እሱ የሚነበብ ጠፍቶ አይደለም፤ ስልኩ ላይ ቃሉን ጽፎ የፈለገ ሰው መዓት ያገኛል። የሚያስቸግረው ለሐኪም፣ ለጤና ሠራተኛና ለወላጅ የተጻፈው ሁሉ ተቀላቅሎ መምጣቱ ነው። ወላጅ የሐኪሙን መስፈርት አንብቦ ልጁን ራሱ ይመረምራል፤ ጤና ሠራተኛው የማጣሪያ መጠይቅ (ማን ለምርመራ ይላክ የሚለውን ብቻ የሚለይ) ነጥብን እንደ ምርመራ ውጤት ካርድ ላይ ያሰፍራል። ያነበቡት ልክ ነው፤ የተጠቀሙበት ግን ላልተጻፈበት ጉዳይ ነው።

ሐኪም ኦቲዝም ነው የሚልበትን መስፈርት የያዙት ሁለት ሰነዶች ናቸው። አንደኛው የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች ማኅበር በ2013 ያወጣው ዲኤስኤም-5 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)፤ ሁለተኛው ከ2022 ጀምሮ ሥራ ላይ ያለው የዓለም ጤና ድርጅት አይሲዲ-11። የመጀመሪያው ይሸጣል፣ ሁለተኛው በነጻ ይነበባል። በዲኤስኤም-5 መሠረት እዚያ የተዘረዘሩት ሦስት የማኅበራዊ ግንኙነት ችግሮች ሁሉም መኖር አለባቸው፤ ከአራቱ የተደጋጋሚ ባሕርይ ምልክቶች ደግሞ ቢያንስ ሁለቱ። ስለዚህ በሚሽከረከር ጎማ ላይ አፍጥጦ የሚውል ልጅ ሁሉ ኦቲዝም አለበት ማለት አይደለም። "አስፐርገር"ን (አሁን በኦቲዝም ሥር የተጠቃለለ የቀድሞ ስያሜ ነው) ዛሬም እንደ ሌላ በሽታ የሚያስተምር ጽሑፍ ካጋጠማችሁ ከ2013 በፊት የቀረ ነው፤ እለፉት። ወላጅ እነዚህ ሰነዶች ላይ ከዚህ የበለጠ ጊዜ ባያጠፋ እመርጣለሁ።

ጊዜ የሚገባው ወላጅ ስለ ልጁ ለሚመልሰው፣ ኤም-ቻት-አር/ኤፍ ለሚባለው የማጣሪያ መጠይቅ ነው። በነጻ ይወርዳል፤ 20 የ"አዎ" ወይም "አይ" ጥያቄዎች አሉት፤ የሚያገለግለውም ከ16 እስከ 30 ወር ላለ ልጅ ብቻ ነው። ስህተቱ ከዕድሜው ይጀምራል። እናት "ሦስት ዓመቱን ይዟል" ስትል ሁለት ሞልቶታል ማለቷ ነው፤ መጠይቁን የሚሞላው ሠራተኛ 36 ወር ብሎ ከመዘገበ ልጁ ያለ አግባብ ከመጠይቁ ውጭ ይሆናል። የልደቱን ቀን የማታስታውስ ከሆነ "ከጥምቀት በፊት ነው በኋላ? የየትኛው ዓመት ጥምቀት?" እያሉ በወር መቁጠር ነው።

ሁለተኛው ስህተት ነጥብ አያያዝ ላይ ነው። "አይ" የተባለ ጥያቄ 1 ነጥብ ይሰጣል፤ 2ኛው፣ 5ኛውና 12ኛው ግን የተገላቢጦሽ ናቸው፣ ነጥብ የሚያዘው "አዎ" ሲባል ነው። 2ኛው "ልጁ አይሰማ ይሆን ብላችሁ ጠርጥራችሁ ታውቃላችሁ?" የሚል ነው፤ 5ኛው ጣቶቹን ዓይኑ አጠገብ ለየት ባለ መንገድ ማንቀሳቀሱን፣ 12ኛው በተለመደ ድምፅ መረበሹን ይጠይቃል። ሃያውንም በአንድ አቅጣጫ የቆጠረ ሰው ምንም የሌለበትን ልጅ 3 ነጥብ ይሰጠዋል። 3 ደግሞ መካከለኛ ስጋት የሚጀምርበት ነው። ከ0 እስከ 2 ዝቅተኛ ነው፣ ልጁ 24 ወር ካልሞላው ከሁለተኛ ልደቱ በኋላ ይደገማል። ከ3 እስከ 7 ከሆነ ነጥብ የተያዘባቸው ጥያቄዎች ብቻ በተከታይ ቃለ መጠይቅ ይብራራሉ፤ ከዚያም በኋላ 2 ወይም ከዚያ በላይ ከቀረ ሪፈር ይጻፋል። 8 እና ከዚያ በላይ ያገኘ ያለ ቃለ መጠይቅ በቀጥታ ይላካል። ያ ቃለ መጠይቅ እየተዘለለ ነው ብዙ ቤተሰብ በከንቱ የሚደነግጠው።

ጥያቄዎቹ የተጻፉት ለሌላ አገር ቤት ነው። ለድምፁ ጥያቄ በምሳሌነት የቀረበው የቤት መጥረጊያ ማሽን ነው፤ መንዝ ላይ ይህን ማን ያውቀዋል? የወፍጮ ቤት ወይም የከበሮ ድምፅ ብሎ ማስረዳት ይቻላል፣ የጥያቄውን ፍሬ ግን መንካት አይገባም። ስሙን ሲጠሩት መዞሩ ሲጠየቅም የክርስትና ስሙን ወይም የጤና ካርዱ ላይ ያለውን ሳይሆን ቤት ውስጥ የሚጠራበትን ተጠቀሙ። በጣት መጠቆም ላይ አጥብቃችሁ ጠይቁ፤ ብዙ እናቶች "አዎ ያሳየኛል" የሚሉት ልጁ እጃቸውን ይዞ ወደ ውኃው ስለሚጎትት ነው፣ ያ ደግሞ መጠቆም አይደለም። "ዓይን ለዓይን አያይም፣ ጨዋ ልጅ ስለሆነ ነው" የሚለው መልስ ለስምንት ዓመት ልጅ ያስኬድ ይሆናል። የሁለት ዓመት ልጅ ገና ይሉኝታ አልተማረም።

ስሙ ሲጠራ የማይዞር ልጅ ሁሉ አስቀድሞ ጆሮው ይታይ። በር ሲዘጋ ደነገጠ ማለት ንግግር ይሰማል ማለት አይደለም፤ ወፍራሙን ድምፅ እየሰማ ቀጭኑን የማይሰማ አለ። ድንገት ፈዝዞ የሚቀር ወይም የሚወድቅ ከሆነም ይነገር፤ የሚጥል በሽታ ኦቲዝም ባለባቸው ልጆች ላይ ከሌላው በዝቶ ይታያል። ለጤና ጣቢያ ባለሙያ ይህንን ቅደም ተከተል አስይዞ የሚመራው የዓለም ጤና ድርጅት የኤምኤችጋፕ መመሪያ ነው (የአእምሮ ሕክምና ስፔሻሊስት ላልሆነ ባለሙያ የተጻፈ)፤ በ2016 የወጣው ሁለተኛ እትም ውስጥ የልጆችና ወጣቶችን ምዕራፍ ያንብብ።

ለወላጅ ግን ከሁሉም የምመርጠው የዓለም ጤና ድርጅት የአሳዳጊዎች የክህሎት ሥልጠና ነው። ዕድሜያቸው ከ2 እስከ 9 ዓመት ለሆኑ ልጆች አሳዳጊዎች የተዘጋጀ ሲሆን 9 የቡድን ክፍለ ጊዜና 3 የቤት ጉብኝት አለው፤ ለአገራችን ተስማምቶም ተሞክሯል። ትልቁ ጥቅሙ የሐኪም ማረጋገጫ አለመጠየቁ ነው፤ ወረፋ እየጠበቁ መጀመር ይቻላል። የሚያስተምረው በየቀኑ በሚሠራ ሥራ ውስጥ ነው፤ ክህሎትን ወደ ትንንሽ ደረጃዎች መክፈልም አንዱ ነው። እጅ መታጠብን ውሰዱ፦ እጅጌ መሰብሰብ፣ እጅን ከጆጉ ሥር መዘርጋት፣ ሳሙና መያዝ፣ ማሸት፣ ማለቅለቅ፣ በፎጣ ማድረቅ። ሌላውን አብራችሁት እየሠራችሁ ማድረቁን ብቻ ለእሱ ተዉለት፤ እሱን ሲችል ማለቅለቁን ጨምሩ። "ና ልጄ እጅህን እንታጠብ እንጂ ምሳ ደርሷል" ከማለት "እጅ" ወይም "እጅ እንታጠብ" ይበቃል፤ ከዚያ ዝም ብሎ መጠበቅ። የሚበላሸውም እዚሁ ጋ ነው፤ አያት፣ አክስት፣ ጎረቤት በየተራ ይናገሩና ልጁ መልስ የሚሰጥበት ፋታ ያጣል።

መድኃኒት አለኝ የሚል ሲመጣ የሕክምና መመሪያ የሚያወጣው የእንግሊዝ ናይስ ተቋም በ2013 ያወጣውን መመሪያ ተመልከቱ፤ በነጻ ይነበባል። ለኦቲዝም ዋና ምልክቶች የአእምሮ መድኃኒትም ሆነ የምግብ ክልከላ እንዳይሰጥ ይላል፤ እንደ እርሳስ ያለ ከባድ ብረት ከሰውነት አስወጣለሁ የሚለውንና በግፊት ክፍል ውስጥ ኦክስጅን የሚሰጥበትን ሕክምና በማናቸውም ሁኔታ ይከለክላል። "ግሉተን (ስንዴና ገብስ ውስጥ ያለ ፕሮቲን) ከልክሉት" የሚለው ምክር እኛ ጋ ሲደርስ ምን ማለት እንደሆነ አስቡት፤ ጤፍ ግሉተን የለውም፣ ገብስ ግን አለው። ምግብ መርጦ ከሚበላ የመንዝ ልጅ ላይ በሶና የገብስ ቂጣ መንጠቅ ለክብደት መቀነስ ካልሆነ ለምንም አይበጅም። ክትባት ኦቲዝም ያመጣል የሚለው ወሬም መነሻው በ1998 የወጣ፣ 12 ልጆችን ብቻ የያዘ ጽሑፍ ነው፤ ያሳተመው መጽሔት በ2010 ሽሮታል።

ጻድቃኔ ማርያም ወይም ሸንኮራ ዮሐንስ ጠበል ልትወስዱት ካሰባችሁ ማንም አይከለክላችሁም፤ የሚጥል በሽታ መድኃኒት ካለው ግን አንድ ቀንም አታቋርጡ፣ በድንገት ሲቆም በሽታው ብሶ ይነሣል። ግርግሩና ቀዝቃዛው ውኃ እንዲህ ያለውን ልጅ ከሌላው አብልጦ ስለሚያስጨንቀው ሰው የሚቀንስበትን ሰዓት ምረጡ።

አዲስ አበባ ላይ ጳውሎስና የካቲት 12 ሆስፒታሎች የልጆች የአእምሮ ጤና ክሊኒክ አላቸው፤ ነፍሷን ይማርና ዘሚ የኑስ የመሠረተችው ጆይ እና በወላጆች የተቋቋመው ነህምያ ደግሞ የኦቲዝም ማዕከላት ናቸው። ከደብረ ብርሃን 130 ኪሎ ሜትር ነው፤ ከመሐል ሜዳ ለሚነሣማ ከዚያም ይርቃል፣ ደክሞት የደረሰ ልጅ ሐኪም ፊት ያለቅሳል እንጂ ባሕርዩን አያሳይም። ስለዚህ ከመሄዳችሁ በፊት ቤት ውስጥ በስልክ ቅረጹት፤ ከኋላው ቆማችሁ ስሙን ስትጠሩት፣ ብቻውን ሲጫወት፣ ሲበላ፣ ከሌላ ልጅ ጋር ሲሆን፣ እያንዳንዱ አንድ ወይም ሁለት ደቂቃ። አታዘጋጁት፣ "እስቲ አሳያቸው" አትበሉት። መጀመሪያ የተናገረውን ቃልና መናገር ያቆመበትን ወር ጻፉ፤ የክትባት ካርዱን፣ የጆሮ ምርመራውንና የተሞላውን መጠይቅ ከሪፈር ወረቀቱ ጋር ያዙ። ወረቀቱን ሳትሰጡ ፎቶ አንሡት፤ መዝገብ ክፍል ከገባ መልሳችሁ ላታገኙት ትችላላችሁ።