አራት ኪሎ፣ ታክሲ ስጠብቅ

ዛሬ ታክሲ ስጠብቅ አራት ኪሎ ብዙ ቆምኩ። ለዓመታት በአጠገቡ ያለፍኩትን የሚያዝያ 27 ሐውልት በእርጋታ ያየሁት ገና ዛሬ ነው። ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር አዲስ አበባ ገባ፤ ልክ በአምስተኛው ዓመት፣ በዚያችው ቀን፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከተማቸው ተመለሱ። ቀኗ ራሷ ካሳዋን የተቀበለች ይመስለኛል።

ወደ ታች ፓርላማ፣ በአንድ ወገን ግንፍሌ፣ በሌላው በራስ መኰንን ድልድይ በኩል ፒያሳ። ሽቅብ የሚወጣው መንገድ ግን ስድስት ኪሎ፣ የየካቲት 12 ሰማዕታት ሐውልት ዘንድ ያደርሳል። ሐዘኑና ድሉ እንዲህ ተቀራርበው ቆመዋል!

አጠገቤ የነበሩ እናት ወደ ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ዞረው ተሳለሙና «ልጄ፣ አርበኞችም እዚያ አርፈዋል» አሉኝ። ታክሲው ሲመጣ አልተሳፈርኩም፤ በእግሬ ወደ ሥላሴ አመራሁ።