ድምፅም ካርድም የሚይዘው ሰው
በአምስት ሰው በሚቀረጽ ፊልም ላይ ድምፅ የሚቀዳው ሰው ብዙ ጊዜ የካሜራውን ሚሞሪ ካርድ ወደ ሃርድ ዲስክ ገልባጭም እሱው ነው። ቡሙ (ማይኩ የሚሰቀልበት ረጅም ዘንግ) ካሜራው ከሚያየው ፍሬም ጠርዝ በላይ፣ ከተዋናዩ አፍ 50 ሳንቲሜትር ያህል ርቆ ወደ ደረቱ ያነጣጥር። ቅጂው በ48 ኪሎኸርዝ፣ በ24 ቢት ይሁን። በሚቀረጽበት ቤት ፍሪጅ ካለ ድምፁ እንዳይገባ ይነቀል፤ የመኪና ቁልፍ ውስጡ ይቀመጥ፣ አለዚያ መልሶ መሰካቱ ተረስቶ የቤቱ ባለቤት ሥጋ ይበላሻል። ቆርቆሮ ጣሪያ ላይ ዝናብ ከጀመረ ግን ማይክ መቀያየር ከንቱ ድካም ነው፤ ማባራቱን መጠበቅ ነው።

ቦታ ከመልቀቅ በፊት ሁሉም ጸጥ ብሎ የክፍሉ ድምፅ 30 ሰከንድ ይቀዳ፤ ኤዲተሩ ክፍተት የሚደፍነው በሱ ነው።

ካርዱ ሁለት ሃርድ ዲስክ ላይ ሳይገለበጥ ፎርማት አይደረግም። ሁለተኛውን ቅጂ ከመጀመሪያው ዲስክ መውሰድ ስህተት ነው፤ ያኛው ከተበላሸ ብልሽቱም አብሮ ይገለበጣል።