የሥራ ቋንቋ ነው፤ እኔም ሥራ ላይ ነኝ

አለቃዬ ይህን ወሬ ምሳ ላይ ስታወራ ቢያንስ አምስት ጊዜ ሰምቻታለሁ። በእሷ አወራር፣ «ማሊ ፈረንሳይኛ አይናገርም» ብዬ ጽፌ የአንድ አዛውንት አስተርጓሚ ጉሮሮ ያዘጋሁት እኔ ነኝ። ሰው ሁሉ ይስቃል። እኔም እስቃለሁ፤ ምን ላድርግ። እንደዚያ ብዬ ግን አልጻፍኩም። ኤክሴሉ እስከ ዛሬ ላፕቶፔ ላይ አለ።

ነገሩ የሦስት ቀን ሥልጠና ነው። ርዕሱ የግዥ አሠራር፣ ቦታው ቦሌ ያለ ሆቴል፣ ሰልጣኞቹ ከአሥራ አንድ የአፍሪካ አገሮች። ለእኛ የተለመደው ሥራ ነው፤ ቪዛ፣ መኪና፣ ባጅ፣ ፎልደር፣ አበል፣ አስተርጓሚ የሚቀመጥበት የመስታወት ቡዝ። ከአጋሮቻችን የመጣው የምዝገባ ቅጽ የምግብ አለርጂ ሳይቀር ይጠይቃል። «በምን ቋንቋ መከታተል ይፈልጋሉ?» የሚለው ግን የለበትም። እኔም ሳላስተውል እንዳለ ላክሁት፤ ይህችን ጥፋት አልክድም። ቀኑ ሲደርስ አለቃዬ «የየአገሩን ኦፊሴላዊ ቋንቋ ፈልጊና በአንድ ኮለም አስገቢልኝ» አለችኝ።

እኔ ደግሞ ሥራ ሲሰጠኝ እስከ ጥጉ ነው። ሌላ ሰው ቢሆን «ፍራንኮፎን» ብሎ አንድ ላይ ይጠቀልላቸው ነበር። እኔ ተቀምጬ ሕገ መንግሥት አነበብኩ። አልጄሪያ፦ ዐረብኛና ታማዚግት፣ ፈረንሳይኛ የሚባል ነገር የለም። ሞሪታኒያና ቱኒዚያ፦ ዐረብኛ። ማሊ እ.ኤ.አ. በ2023 ባጸደቀችው ሕገ መንግሥት አሥራ ሦስት የአገሯን ቋንቋዎች ኦፊሴላዊ አድርጋ ፈረንሳይኛን «የሥራ ቋንቋ» ወደሚባል ደረጃ አውርዳዋለች። ቡርኪና ፋሶም ብዙ ሳትቆይ ተከተለቻት። ኒጀር በ2025 ሐውሳን ብሔራዊ ቋንቋ አለችና ፈረንሳይኛን ከእንግሊዝኛ ጋር የሥራ ቋንቋ አደረገችው። በዚያው ዓመት መጋቢት ላይ ሦስቱም ከፍራንኮፎኒ፣ ከፈረንሳይኛ ተናጋሪ አገሮች ድርጅት፣ ወጥተናል አሉ። ከእኛ ዝርዝር ውስጥ ፈረንሳይኛን ኦፊሴላዊ የሚሉት ሦስት ብቻ ቀሩ። ጅቡቲ ከዐረብኛ ጋር፣ ካሜሩን ከእንግሊዝኛ ጋር፣ ሩዋንዳ ደግሞ ከኪንያሩዋንዳ፣ ከእንግሊዝኛና ከስዋሂሊ ጋር።

ቆንጆ ሠንጠረዥ ነበር፤ ቀለም ሁሉ ቀብቼዋለሁ። ማሊ ላይ ደግሞ በማስታወሻ «ኦፊሴላዊ አይደለም፤ የሥራ ቋንቋ ነው» ብዬ ጽፌያለሁ። አለቃዬ ግማሹን አነበበች።

«ፈረንሳይኛ ሦስት አገር ብቻ ነው እንዴ? ለሦስት አገር ሁለት አስተርጓሚ! ፍራንኩን ከየት ላመጣው ነው?» ብላ አንዱን ሰረዘች።

«የማሊዎቹስ?» አልኳት።

«ፈረንሳይኛን ከተዉት እንግሊዝኛ ነዋ!»

ይህችን መስመር ምሳ ላይ ስታወራ ትዘላታለች።

በዚህ ሙያ ያለ ሰው ሁሉ እንደሚያውቀው አስተርጓሚ በሰሚ ብዛት አይቆጠርም። አንድ ሰው ሰማው መቶ፣ የሚደክመው ያው አንድ አእምሮ ነው። ቡዝ ውስጥ ሁለት ሆነው በየግማሽ ሰዓቱ የሚቀባበሉት ለጨዋታ አይደለም። እሷም ይህን ከእኔ በፊት ታውቀዋለች፤ እዚህ ቤት ከእኔ ስድስት ዓመት ትቀድማለች።

የቀሩልን ጋሼ ናቸው። ፈረንሳይኛውን ሌሴ ገብረማርያም ነው የተማሩት። ከአፍሪካ አንድነት ድርጅት ዘመን ጀምሮ የዚህን ከተማ አዳራሾች ያውቃሉ። «ጥቂት ሰው ነው፤ አልፎ አልፎ ነው» ተብለው እሺ አሉ።

የመጀመሪያው ቀን ጧት በር ላይ ቆሜ ጆሮ ማዳመጫና ፎልደር አድላለሁ። ለአልጄሪያው የዐረብኛውን ሰጠሁት። አመስግኖ ተቀበለና ሳይቀመጥ ቻናሉን ወደ ሦስት፣ ማለትም ወደ ጋሼ አዞረው። ቱኒዚያዋም እንዲሁ። የሩዋንዳው ወጣት የፈረንሳይኛውን ፎልደር የሰው ልጅ አቅፍ እንደተባለ ሰው ጫፉን ይዞ ቆመ። ለካ አገሩ እ.ኤ.አ. በ2008 ትምህርቱን ወደ እንግሊዝኛ ስታዞር እሱ ገና ተማሪ ነበር። የጅቡቲው እንግዳ፣ ፈረንሳይኛም ዐረብኛም ኦፊሴላዊ የሆነለት ሰው፣ አፍ የፈታው በሶማሊኛ ነው። አዳራሽ ውስጥ እንግሊዝኛ ተናገረ፣ በረንዳ ላይ ሻይ ከምትቀዳው ልጅ ጋር ደግሞ ጥርት ባለ አማርኛ ተጫወተ። ሠንጠረዤ ከበሩ ሳያልፍ ፈረሰ ማለት ነው።

ከሁሉም የባሰው ማሊ ነው። የማሊው እንግዳ፣ ሰማያዊ ሰፊ ቀሚስ የለበሱ ትልቅ ሰው፣ ማይኩን ሲያበሩ እንዴት ያለ ፈረንሳይኛ! ጥያቄ አለኝ ብለው ጀመሩና ጥያቄው ሃያ ደቂቃ ወሰደ። ጋሼ ወደ እንግሊዝኛ አመጡላቸው። የቡርኪናዋ ቀጠለች፣ የኒጀሩ ቀጠለ። አሰልጣኙ በእንግሊዝኛ መለሰ፤ ጋሼ ወደ ፈረንሳይኛ መለሱት። የሻይ እረፍቱ ወደ ኋላ ስለተገፋ ጋሼ ያለ ተቀባይ ሁለት ሰዓት ሊሞላቸው ነው።

አምስት ሰዓት ሊሆን ሲል ጆሮ ማዳመጫው ውስጥ ቃል ጠፋ። መሥመሩ አልተቋረጠም። የጋሼ ትንፋሽ ይሰማል፤ ከዚያ የፕላስቲክ ጠርሙስ ሲጨመቅ፣ ውኃ ሲቀዳ። የኬንያዋ ማዳመጫዋን በጣቷ መታ መታ አደረገችው። የማሊው ሰውዬ ምንም ሳይሰሙ ይናገራሉ። ቀና ስል የቡዙ በር ተከፍቶ ጋሼ መነጽራቸውን እየጠረጉ ሲወጡ አየሁ።

በረንዳው ላይ ደረስኩባቸው። ሻይ አዝዘዋል።

«ጋሼ፣ ምን ሆኑብኝ?»

«ምንም። አለቅሁ።» ድምፃቸው እንደ አሸዋ።

እኔ ያኔ ይቅርታ ጠይቄ ስልኬን ማንሳት ነበረብኝ። አፌን ቁርጥ ያድርገው፣ ያወጣሁት ግን «ማሊ እኮ ፈረንሳይኛ ኦፊሴላዊ ቋንቋዋ አይደለም» የሚል ነው።

አልተቆጡም። ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር።

«ማን አለ?»

«ሕገ መንግሥታቸው።»

«በምን ቋንቋ ተጽፎ አገኘሽው?»

እኔ ያነበብኩት የእንግሊዝኛ ትርጉሙን ነው፤ ዋናው ግን… «በፈረንሳይኛ» አልኩ።

ስኳሩን ቀስ ብለው አማሰሉ። ማንኪያዋን በሳህኑ ላይ አስተካክለው አስቀመጡ።

«የኛስ ሕገ መንግሥት አማርኛን ምን ይላታል?»

ይህንንስ አላጣውም፤ አንቀጽ 5 ነው። «የፌዴራሉ መንግሥት የሥራ ቋንቋ።»

«ኦፊሴላዊ የሚል አለበት?»

«የለበትም።»

«እንግዲያ እኔና አንቺ ሳይፈቀድልን ነው የምናወራው» አሉና ሻያቸውን ፉት አሉ።

የምመልሰውን ስፈልግ የማሊው እንግዳ ቀሚሳቸውን ሰብስበው መጡ። በፍጥነት ስለተናገርኩ ነው፣ ይቅርታ ሊሉ ነው የመጡት። ጋሼ ወደ እኔ እየጠቆሙ አንድ ነገር አሏቸው፤ «ኮንስቲቱስዮን» የምትል ቃል ለየሁ። ሰውዬው ጠረጴዛውን በእጃቸው መትተው ሳቁ፣ ተናገሩም። ጋሼ በዚያች በቀረቻቸው ድምፅ፣ እንደ ሙያቸው ወግ በአንደኛ መደብ ተረጎሙልኝ፤ «ቤቴ ከባለቤቴ ጋር በባምባራ ነው የማወራው። ፈረንሳይኛ የሥራ ቋንቋ ነው፤ እኔም ሥራ ላይ ነኝ።»

ለአፍታ ጋሼ ስለ ራሳቸው የተናገሩ መስሎኝ ባለቤታቸው ባምባራ ያውቃሉ እንዴ ልል ነበር። ያን ያህል ነው የደነዘዝኩት።

ከሰዓት በኋላ ሁለተኛ አስተርጓሚ በስልክ ተገኘ። አስቸኳይ ስለሆነ ሒሳቡ እጥፍ። አለቃዬ «ልዩ ልዩ ወጪ» ውስጥ ደበቀችው። የግምገማው ቃለ ጉባኤ ላይ ግን «የመረጃ ክፍተት» ተብሎ ተጻፈ፤ መረጃውን ያዘጋጀው ማን እንደሆነ ለሁሉም ግልጽ ነው። ግማሹን ብቻ ያነበበው ማን እንደሆነ አልተጻፈም።

ባለፈው ወር ሌላ አነስ ያለ ስብሰባ መጣ። ሁሉም እንግዳ ከናይሮቢ፣ ከካምፓላና ከሉሳካ ነው፤ አንድ ብቻ ከካናዳ። አለቃዬ ዝርዝሩን አየችና «ካናዳ! እዚያ ፈረንሳይኛ ኦፊሴላዊ ነው አይደል?» አለችኝ።

ነው። እ.ኤ.አ. ከ1969 ጀምሮ በሕግ ከእንግሊዝኛ እኩል ነው። ሰውዬው ግን የቫንኩቨር ሰው ነው፤ ስለ ሆቴሉ ሦስት ጊዜ ደውሎልኝ፣ ፈረንሳይኛ ትምህርት ቤት ወድቄበታለሁ ብሎ አሥቆኛል።

«አዎ፣ ኦፊሴላዊ ነው» አልኳት።

«በይ ሁለት አስተርጓሚ ያዢ። ደግሞ አታስወሪብኝ።»

ያዝኩ። አንደኛው ጋሼ ናቸው። ቻናል ሦስትን ሁለት ቀን ሙሉ ማንም አልከፈተውም። በመጀመሪያው ቀን ከሻይ በኋላ ቀና ስል፣ ከመስታወቱ ጀርባ ጓደኛቸው ጋዜጣ ያነባል። ጋሼ ብርጭቋቸውን ከፍ አድርገው አሳዩኝ።